የሚዛኑ አራተኛ ጥግ

ሲስተሯ ዊልቸሩን በሁለት እጇ ጎትታ ከሚዛኑ ላይ አወረደችው። ጎማው የብረቱን ጠርዝ ሲለቅ ወንበሩ ተንገጫገጨ፤ የተቀመጡበት ሹፌር መደገፊያውን ጨምድደው ያዙ።

“ቀስ በይ እንጂ! አሸዋ የጫንሽ መሰለሽ እንዴ?”

“ይቅርታ ጋሼ። አንድ ጊዜ ደግሜ ልመዝንዎት።”

“ሦስተኛሽ ነው እኮ! ቁጥሩ ካልጣመሽ ሌላ ሰው መዝኚ።”

አልመለሰችላቸውም። ሚዛኑ ቆመው መመዘን ለማይችሉ በሽተኞች የተሠራ፣ ከነዊልቸራቸው የሚወጡበት ሰፊ የብረት ሳህን ነው። ሁለት ጊዜ ፊታቸውን ወደ ስክሪኑ አድርጋ መዝናቸው ሁለቱንም ጊዜ ሰባ ነጥብ አንድ ብሎ ነበር። አሁን ወንበሩን አዞረችና ጀርባቸውን ወደ ስክሪኑ አድርጋ አወጣቻቸው። ስክሪኑ ለአፍታ ባዶ ሆነ፤ ከዚያ የወንበሩን ክብደት ቀንሶ ቁጥሩን አወጣ። ስድሳ ስምንት ተኩል።

ሲስተሯ ቁጥሩን ሁለት ጊዜ አነበበችው። ሰው ዞሮ ስለተቀመጠ አንድ ኪሎ ተኩል አይቀንስም።

“ከሰኞ ወዲህ ስንት ጠጡ?” አለች።

“አልነግርሽም” አሉ ሹፌሩ። “ብነግርሽስ ታምኚኛለሽ?”

ፊቷ ጋለ።

ሹፌሩ ጡረታ እስኪወጡ ድረስ ከባድ መኪና ነበር የሚነዱት። ግራ እግራቸው ተቆርጦ ኩላሊታቸውም ሥራ ካቆመ ወዲህ በሳምንት ሦስት ቀን እየመጡ እጥበት ያደርጋሉ። የሚጠጡት ውሃ ሌላ መውጫ የለውም፤ የሚያወጣላቸው ማሽኑ ነው። ምን ያህል ይውጣ የሚለውን የሚወስነው ደግሞ ሚዛኑ ነው። ውሃ ሳይጠራቀምባቸው ስድሳ ሰባት ኪሎ ናቸው፤ ከዚያ በላይ ያለው ሁሉ እንደ ውሃ ይቆጠራል። ትንሽ ከወጣ የቀረው ሳንባ ውስጥ ይገባል። ብዙ ከወጣ የደም ግፊት ይወርዳል፤ ልብም ሊቆም ይችላል።

ሰኞ ዕለት ስክሪኑ ሰባ አንድ ተኩል ነበር ያለው። ሲስተሯ በልጃቸው ፊት ጮኸችባቸው። “አራት ኪሎ ተኩል! ቅዳሜና እሁድን ባልዲ ታቅፈው ነው የዋሉት?” ሹፌሩ “ልጄ ትሙት፣ በቀን ከሁለት ብርጭቆ አላለፍኩም” ብለው ማሉ። “አይዋሹ ጋሼ” አለቻቸው። ልጃቸው አንገቷን ደፋች። እጥበቱ በተጀመረ በሦስተኛው ሰዓት ላይ ሹፌሩን ላብ አጠመቃቸው፤ ከንፈራቸው ነጣ፤ ዓይናቸው ተገለበጠ። ወደ ራሳቸው እስኪመለሱ ሃያ ደቂቃ ፈጀ። ልጃቸው ኮሪደሩ ላይ ራሷን ይዛ ትጮህ ነበር። በኋላ ሪፖርት ተጻፈ፤ “በሽተኛው የተፈቀደላቸውን የውሃ መጠን ባለማክበራቸው የተፈጠረ” ይላል። የጻፈችው ሲስተሯ ናት።

“የሚዛኑን ኮምፒውተር የነካው ማነው?” አለች ሲስተሯ አሁን ድምፅዋን ከፍ አድርጋ።

የክፍሉ ኃላፊ ከጠረጴዛዋ ቀና አለች። “ቅዳሜ ከኮምፒውተር ክፍል መጥተው አጽድተውታል። ቫይረስ ነዋ፤ በየክፍሉ ነው ያጸዱት። አሁን እባክሽ ጋሼን አስገቢያቸው። አምስት ሰው ኮሪደር ላይ ተቀምጧል።”

“አላስገባም።”

“ምን አልሽ?”

“በዚህ ቁጥር ማንንም አላስገባም። ያጸዳውን ሰው ጥሪልኝ።”

ኃላፊዋና ሲስተሯ በአንድ ዓመት የተመረቁ፣ አንድ መኝታ ክፍል የተጋሩ ናቸው። ኃላፊዋ ይህን ድምፅ ታውቀዋለች። ከንፈሯን ነከሰችና ስልኩን አነሳች።

የመጣው ቁመተ ረጅም ወጣት ነው። ሆስፒታሉ ውስጥ በስሙ የሚጠራው የለም፤ ስልክ ተበላሸ ሲሉት፣ ፕሪንተር አልሠራ አለ ሲሉት፣ “አፕዴት ስላልተደረገ ነው” ስለሚል ስሙ አፕዴት ሆኖ ቀረ። ላፕቶፑን በትከሻው እንዳንጠለጠለ በሩ ላይ ቆመ።

“ቅዳሜ እዚህ ምን አደረግህ?” አለችው ሲስተሯ።

“ሰላም ዋልሽ አይባልም?”

“አልዋልኩም። ምን አደረግህ?”

አፕዴት ወደ ኃላፊዋ አየ፤ ከእሷ የሚረዳው ነገር አላገኘም። “አንድ አደገኛ ፋይል ነበር፤ አጠፋሁት። ላይብረሪ የሚባለው ነው። ፕሮግራሙ ብቻውን ሚዛኑን አያውቀውም፤ መሀል ገብቶ ሚዛኑ የሚለውን የሚያቀብለው ይኼ ፋይል ነው። የነበረው ፊርማ የለው፣ ማን እንደሠራው አይታወቅ። በእሱ ምትክ የአምራቹን አዲሱን አስገባሁ። ስሙ ያው ነው፤ ሥራውም ያው ነው።”

“ከዚያስ ሞከርከው?”

“እንዴት አልሞክርም! ራሴ ወጥቼ ተመዘንኩ እንጂ። ሰባ አራት። ልክ ነው።”

“የቱ ጋ ቆመህ?”

“ሚዛኑ ላይ ነዋ! የት ልቆም ኖሯል?”

“የሚዛኑ የቱ ጋ? ሂድና ቁም።”

አፕዴት ፈገግ ሊል ፈለገና ተወው። ሄዶ ቆመ። የቆመው ከፊት በግራ በኩል፣ ስክሪኑን ለማንበብ በሚመቸው ጥግ ላይ ነበር። ሰባ አራት ኪሎ። “ይኸው!” አለ እጆቹን ዘርግቶ።

“ውረድ።”

ሲስተሯ ከመጋዘኑ አንድ ካርቶን እየጎተተች አመጣች። አሥር ባለ አንድ ሊትር የጨው ውሃ ከረጢቶች አሉበት። መጀመሪያ ቆመው የሚመዘኑት በሚጠቀሙበት ትንሹ ሚዛን ላይ አስቀመጠችው፤ አሥር ኪሎ ከስድስት መቶ ግራም። ከዚያ ትልቁ ሚዛን ላይ ወስዳ በፊት ግራ ጥግ አኖረችው። አሥር ነጥብ ስድስት። በፊት ቀኝ ጥግ፣ አሥር ነጥብ ስድስት። በኋላ ግራ፣ አሥር ነጥብ ስድስት። ካርቶኑን በእግሯ እየገፋች ወደ ኋላ ቀኝ ጥግ ወሰደችው።

አሥራ አንድ ነጥብ ሰባት።

ኃላፊዋ ተነስታ ወደ ስክሪኑ ቀረበች። ሹፌሩ በረጅሙ ተነፈሱ።

“ካርቶኑም ውሃ ጠጣ እንዴ?” አሉ።

ኃላፊዋ ዓይኗን ከስክሪኑ ላይ ሳታነሳ “እሺ” አለች፣ “እንግዲያው አንድ ነጥብ አንድ ኪሎ እየቀነስን እንሥራ። ይኸው ነው አይደል ልዩነቱ?”

“ከማን ላይ ነው የምትቀንሺው?” ሲስተሯ ዞረችባት። “ክብደቱ ወደዚህ ጥግ ያጋደለ ሰው ብዙ ይጨመርበታል፤ ወዲያ ያጋደለ ምንም አይጨመርበትም። ጋሼ የተቆረጠው ግራ እግራቸው ነው፤ ወንበሩ ላይ ወደ ቀኝ አጋድለው ነው የሚቀመጡት። የእሳቸው ሌላ፣ የሌላው ሰው ሌላ ነው። በግምት ደም አጥቤ አላውቅም፤ ዛሬም አልጀምርም!”

“አትጩሂብኝ።”

“እጮሃለሁ!”

ጩኸቱ ኮሪደር ድረስ ተሰምቶ ኖሮ የጥገናው ሰውዬ ሳይጠሩ መጡ። የሚዛኑን ሳህን ከወዳደቀ ብረት የሠሩት እሳቸው ናቸው፤ ክብደት መለኪያዎቹና ፕሮግራሙ ግን ከአምራች የተገዙ ናቸው። የሥራ ልብሳቸው ኪስ ሁልጊዜ ብሎን ስለማያጣ ጋሽ ብሎን ይባላሉ። ካርቶኑን አዩ፣ ስክሪኑን አዩ፣ ከዚያ አፕዴትን አዩ።

“ፋይሌን ነክተኸዋል” አሉ።

“የእርስዎ ነው እንዴ?”

“የእናቴ ነው! የማን ይሆናል?” ካርቶኑን በጫማቸው ጫፍ ነካ አደረጉት። “ከዚህ ሳህን ሥር ክብደት የሚለካ አራት ሴንሰር አለ፣ በየጥጉ አንድ። የዛሬ ሦስት ዓመት የኋላ ቀኙ ተሰበረ። ምትክ ቢፈለግ ቢፈለግ ጠፋ። ከተጣለ የመጋዘን ሚዛን ላይ ፈትቼ አስገባሁበት። እሱ ደግሞ ከጓደኞቹ አብልጦ ነው የሚናገረው። አምራቹ የሰጠንን ፋይል ከፍቼ፣ ከዚህ ጥግ የሚመጣውን ይህን ያህል ቀንስ የሚል አንድ መስመር ጨመርኩ። አንድ መስመር! ሁለት ወር ፈጅቶብኛል። አንተ በአንድ ቅዳሜ ጠራረግኸው።”

“እንዴት ላውቅ እችላለሁ?” አፕዴትም ተቆጣ። “ስሙን አልቀየሩት፣ ወረቀት አልለጠፉበት፣ ለማንም አልነገሩ!”

“ማን ጠየቀኝ? ማን ‘ጋሽ ብሎን፣ ይኼ ነገር ምንድነው’ አለኝ?”

“ሳይጠየቁ አይናገሩም?” አለች ሲስተሯ። “ሦስት ዓመት ሙሉ! ሰው የሚሞትበትን ነገር በሆድዎ ይዘው ኖሩ?”

ጋሽ ብሎን ወደ እሷ ዞሩ። ቁጣቸው አልበረደም፤ ድምፃቸው ግን ዝቅ አለ።

“እሺ፣ እኔ አልተናገርኩም። እሱ አልጠየቀም። አንቺስ? ሰኞ ሰውዬውን ስትመዝኚ ዓይንሽ የት ነበር?”

የሲስተሯ ዓይን የሹፌሩ እግር ላይ አረፈ። ሰኞ የሹፌሩን ቁርጭምጭሚት በአውራ ጣቷ ጫን አድርጋ አይታው ነበር። አራት ኪሎ ተኩል ውሃ የቋጠረ እግር የጣት ምልክት ይዞ ይቀራል። የሹፌሩ ቆዳ ወዲያው ነው የተመለሰው። አይታዋለች። አሥራ አራት ዓመት የሠራችበት ጣቷ አንድ ነገር ነገራት፤ ስክሪኑ ሌላ ነገራት፤ እሷ ስክሪኑን አመነች፤ ሰውየውን ውሸታም አለች።

“ፋይሉ አሁን አለዎት?” አለች በመጨረሻ።

“ወርክሾፕ አለ። በፍላሽ አመጣዋለሁ።” ጋሽ ብሎን ወጡ።

“ላስገባው አልችልም” አለ አፕዴት። “ፊርማ የሌለውን ፋይል ሲስተሙ አይቀበልም። መከላከያውን ለማንሳት የአለቃዬ ደብዳቤ ያስፈልጋል። አለቃዬ እስከ ዓርብ የለም።”

“እኔስ?” አሉ ሹፌሩ። “እስከ ዓርብ እዚህ በር ላይ ፓርክ ልደረግ?”

ሲስተሯ አፕዴትን ከላይ እስከ ታች አየችው። “ስንት ነኝ አልክ? ሰባ አራት?”

“አዎ፣ ምነው?”

“ቦርሳህን አስቀምጥ። ጫማህን አውልቅ።”

ይህ ትልቁ ሚዛን ከመሠራቱ በፊት እንዲህ ነበር የሚመዝኑት። ጉልበት ያለው ሰው መጀመሪያ ብቻውን ይመዘናል፤ ከዚያ በሽተኛውን በጀርባው አዝሎ ትንሹ ሚዛን ላይ ይወጣል፤ የራሱ ክብደት ይቀነሳል። አፕዴት ነገሩ ሲገባው ጆሮው ቀላ። ኃላፊዋን አየ፤ ኃላፊዋ መስኮቱን አየች። በካልሲ ወጥቶ ተመዘነ፤ ልክ ሰባ አንድ። ከዚያ ሹፌሩ ፊት በርከክ አለ። ሲስተሯ ከኋላ ደግፋ አሳዘለችው።

“ማርሽህን ቀስ አድርገህ ቀይር” አሉ ሹፌሩ አንገቱን አቅፈው። “ሠላሳ አምስት ዓመት ዕቃ ጭኛለሁ፤ ተጭኜ አላውቅም።”

“አይንቀሳቀሱ ጋሼ፣ እባክዎን!” አለ አፕዴት በታፈነ ድምፅ። በእርጋታ ትንሹ ሚዛን ላይ ወጣ። ቁጥሩ ወዲያና ወዲህ ሲል ቆይቶ ረጋ።

“መቶ ሠላሳ ስምንት ነጥብ ሰባት” ብላ አነበበች ሲስተሯ። “ሰባ አንድ ሲቀነስ ስድሳ ሰባት ነጥብ ሰባት። ሰባት መቶ ግራም ነው የጨመሩት።”

“አላልኩሽም?” አሉ ሹፌሩ ከአፕዴት ጀርባ ላይ ሆነው። “አላልኩሽም ወይ?”

አፕዴት ወንበራቸው ላይ አስቀምጧቸው ወገቡን እያሸ ቆመ። “ስክሪኑ ስንት ነበር ያለው ዛሬ?”

“ሰባ ነጥብ አንድ።”

“ስለዚህ ሦስት ሊትር ልታወጡባቸው ነበር?”

“ሰኞ አራት ተኩል ነበር ያዘዝኩት” አለች ሲስተሯ። “ሦስት ተኩል ከወጣ በኋላ ነው የወደቁት።”

ወጣቱ ሹፌሩን አየ፤ አሁን ጀርባው ላይ የነበረውን፣ አንገቱ ሥር ሲተነፍስ የሰማውን ሰው። ጋሽ ብሎን በዚህ መሀል ፍላሹን ይዘው ገቡ። አፕዴት እጁን ዘረጋ።

“ይስጡኝ።”

“ደብዳቤውስ?” አለች ኃላፊዋ።

“ሲስተሙ ‘ማን ፈቀደ’ ብሎ ስም ይጠይቃል። የራሴን እጽፋለሁ። ዓርብ አለቃዬ ሲመጣ እኔን ይጠይቅ።” ኮምፒውተሩ ፊት ጫማውን ሳያደርግ ተቀመጠ። “ጋሽ ብሎን፣ እርስዎ ደግሞ ይህቺ መስመር ምን እንደምትሠራ በወረቀት ይጻፉልኝ። ዛሬውኑ። የፋይሉንም ስም እንቀይረዋለን።”

“ታዘዝኩ በለኛ” አሉ ጋሽ ብሎን፤ ግን እስክሪብቶ ፈለጉ።

ከሩብ ሰዓት በኋላ ካርቶኑ እንደገና በአራቱም ጥግ ዞረ። በአራቱም አሥር ነጥብ ስድስት።

ሹፌሩ አልጋቸው ላይ ተኝተው፣ ማሽኑ ሰባት መቶ ግራም ብቻ እንዲያወጣ ታዝዞ ደማቸው በቱቦው መዞር ሲጀምር ኃላፊዋ ሲስተሯን በክንዷ ይዛ ፈቀቅ አደረገቻት።

“እንግዲህ ተስተካክሏል። ‘ሚዛኑ ተጠግኗል’ ብለሽ መዝገቡ ላይ ጻፊና ይለቅ።”

“ከቅዳሜ ወዲህ በዚህ ሚዛን የተመዘኑት ሰባት ናቸው።”

“ማንም አልሞተም።”

“ሰባቱንም ውሃ ጠጥታችኋል ብለን ነው የሰደብናቸው። ያቺ ጥልፍ ሠሪዋ ትናንት ሙሉ ቀን ስታለቅስ ነበር። ዛሬ ቤቷ ሆና እየደረቀች፣ ጥፋቷ መስሏት ጠብታ አትቀምስም!”

“ዝቅ አድርገሽ ተናገሪ።” ኃላፊዋ በሩን አየች። “እንደ ጓደኛ ልንገርሽ። አሁን ብትነግሪያቸው ነገ እዚህ ክፍል ማን ቁጥር ያምናል? ደግሞስ የሚከሱት ሚዛኑን ነው? የሰኞውን ሪፖርት የፈረምሽው አንቺ ነሽ። የጋሽ ብሎን ፋይል አይደለም የሚባረረው።”

“ሲስተር” አሉ ሹፌሩ ከአልጋው። ሁለቱም ዞሩ። ሁሉንም ሰምተዋል። “ልጄ ከሰኞ ጀምሮ አታናግረኝም። ቤት ውስጥ ያለውን ብርጭቆ በሙሉ ቁም ሳጥን ውስጥ ቆልፋበታለች። ዛሬ በር ላይ አድርሳኝ፣ ቻው እንኳ ሳትለኝ ነው የሄደችው።” ጉሮሯቸውን ጠረጉ። “እኔ ብነግራት ‘አሁንም ይዋሻል’ ነው የምትለው። ማን ይነግራታል?”

ሲስተሯ ክንዷን ከኃላፊዋ እጅ አስለቀቀች። ወደ ጠረጴዛው ሄዳ የበሽተኞቹን ስልክ የያዘውን ደብተር ገለጠች፤ የጠረጴዛውን ስልክ ወደ ራሷ ሳበች። ኃላፊዋ አጠገቧ መጥታ ቆመች፤ ግን አልከለከለቻትም።

“ሄሎ” አለች የሹፌሩ ልጅ።

“ከእጥበት ክፍል ነው የምደውለው። ሲስተሯ ነኝ።”

“ምን ሆነ? አባባ ምን ሆነ?”

“ደህና ናቸው። ደህና ናቸው፣ አትደንግጪ። ስለ ሰኞ ነው።” የስልኩን ገመድ ጨበጠች። “አባትሽ አልጠጡም ነበር። ሚዛኑ ነው የተሳሳተው። እውነታቸውን ነው የማሉት።”

ከወዲያ በኩል የመኪና ጡሩንባ ተሰማ።

“ልጄ ትሙት ብሎ ምሎልሽ ነበር” አለች ልጅቷ። “እኔ ነኝ ያቺ ልጅ። ፊትሽ ቆሜ። እኔም አንቺን ነው ያመንኩት፣ አባቴን አይደለም።”

“አውቃለሁ።”

“ያኔ አልገባሽም ነበር? ምንም?”

ኃላፊዋ ራሷን ግራና ቀኝ ነቀነቀች፤ አትበይ ማለቷ ነው። 

“ጠርጥሬ ነበር” አለች ሲስተሯ። “እግራቸውን አይቼ ጠርጥሬ ነበር፤ ግን ዝም አልኩ።”

ስልኩ ተዘጋ። የዘጋችው ልጅቷ ናት።

ሲስተሯ መነጋገሪያውን አስቀመጠች።

“ምን አለች?” አሉ ሹፌሩ።

“ዘጋችብኝ።”

“ደግ አደረገች” አሉ። “እኔም ብሆን እዘጋብሽ ነበር።”

ሲስተሯ ራሷን በእሺታ ነቀነቀች። ደብተሩን በግራ እጇ ጫን አድርጋ ያዘች፤ የጥልፍ ሠሪዋን ቁጥር ፈለገችና መደወል ጀመረች።